ጭራው

ስሜ ማሳውትሶ ነው፤ ሲፈታ «መከራ»፣
እናቴ ያወጣችው ሦስት ልጆች ቀብራ።
ዞምባ ፍርድ ቤት ነኝ፣ ከተራራው ግርጌ፤
ዳኛ ሲገባ «ተነሡ!» ማለት ነው ማዕረጌ።
ሌላም ሥራ አለኝ፣ ደመወዝ የሌለው፣
ዓርብ ከሰዓት በኋላ በሳፋ የማጥበው፦
የዳኞቹ ዊግ።

የፈረስ ፀጉር ነው፤ ነጭ፣ ጥቅልል ያለ፣
የስንት ዳኛ ላብ ጠጥቶ የበሰለ።
ፈረስ እንኳ እኔ በዐይኔ አይቼ አላውቅ፤
ጭራውን ነው የማውቅ።
ቀስ ብዬ አሸዋለሁ፣ ለብ ባለ ውሃ፤
ቢበላሽ ማን ይከፍላል? እኔ ድሃ?
ያመጡት ሰዎች ባንዲራቸውን አጥፈው ሄዱ፤ ጭራው ቀረ፤
ራስ ሲለዋወጥ እሱ እንደነበረ።

የመጀመሪያዋን ሴት ዳኛ፣ ቲያሚኬን፣
ሹሩባዋ አልገባ ቢል እኔ ነኝ ያሰፋሁላት ዊጉን።
የዶማሲ ልጅ ናት። አያቷን አውቃታለሁ፤
ከዚህ ተራራ እንጨት አውርዳ ስትሸጥ ገዝቻታለሁ።
ቲያሚኬ የተሾመች ቀን ሰፈሩ ሁሉ እልል አለ፤
«አሁንስ የኛ ሰው ከላይ ተቀመጠ» ተባለ።
እኔም ብያለሁ።

ማክሰኞ ዕለት አንዲት ሴት ቀረበች፤ ናሶሊ ትባላለች፤
እግሯ ላይ ጭቃ፣ እጇ ላይ ሙጫ፣ ከተከሳሽ ሣጥን ቆመች።
ወንጀሏ አንድ ሸክም እንጨት ነው፣ ከተከለለው ደን፤
ሕጉን የፈረመው ሰውዬ ዛሬ መንገድ ሆኗል፣ ከገበያው ጎን።
«በሕግ አምላክ» ይባላል፤
የዚህኛው ሕግ አምላክ ግን ሞቷል፤ ለማን አቤት ይባላል?

ዳኛዋ በእንግሊዝኛ ጠየቀች፣
ሴትዮዋ በቼዋ መለሰች፣
አስተርጓሚው በመሃል፣
የተኳረፉ ባልና ሚስት መሃል እንደሚላክ ልጅ ይመላለሳል።
ሁለቱም ያደጉት በአንድ ቋንቋ ነው።
ከአፍ እስከ ጆሮ አምስት ክንድ፤
ቃሉ ግን ባሕር ተሻግሮ ነው የሚመጣው።

«ለምን ቆረጥሽ?»
ናሶሊ ቀና አለች። ዊጉን ሳይሆን ከዊጉ በታች ያለውን ፊት እያየች፣
«ያንን ዛፍ ያሳየችኝ የዳኛዋ አያት ናት» አለች፤
«ቅርንጫፉን ስበሪ፣ ግንዱን አትንኪ፣ ብላኛለች።
ግንዱን አልነካሁም።»

አስተርጓሚው ጉሮሮውን ጠረገ።
አመለጠው ይሁን አስመለጠው፣ አላውቅም፤
«ጥፋተኛ ነኝ ትላለች፣ ክቡር ፍርድ ቤት» ብሎ አረፈ።

የዳኛዋ ብዕር ቆመ።
ሰምታለች። ሁላችንም ሰምተናል። የበር ጠባቂው እንኳ ሰምቷል።
አንድ ዝንብ ከመስኮቱ መስተዋት ጋር ሲጋጭ ይሰማል።
ከዚያ ብዕሩ ተንቀሳቀሰ፤
መዝገቡ ላይ የገባው የእንግሊዝኛው ነው።
ሃያ ሺህ ክዋቻ፣ ወይም አንድ ወር።
«ተነሡ!» አልኩ። ተነሡ።

ማታ ዊጉን ልወስድ ቢሮዋ ገባሁ፤
ግንባሯ ላይ የጠርዙን ሰንበር አየሁ።
«ማሳውትሶ፣ እንጨቱ የት ደረሰ?» አለችኝ፣ በቼዋ።
«ማስረጃ ክፍል ነው፤ ቁጥር ተለጥፎበታል።»
«ይመለስላት?»
«ሕጉ ይወረስ ይላል።»
ሳቀች። ጥሩ ሳቅ አልነበረም።

በማግስቱ ቅጣቱ ተከፍሎ አገኘሁት፤
የከፋይ ስም የሚሞላበት ቦታ ባዶ ነው፤ እኔም አልሞላሁት።
እግዜር ይስጥልኝ ልላት አፌን ከፍቼ ተውኩት፤
ኪሷ ተነካ እንጂ ሕጉን ማን ነካው?
ሐሙስ ሌላ ሴት፣ ሌላ ሸክም፣ ያው ሣጥን፣ ያው ቁጥር ነው።
የስንቷን ትከፍላለች?
እኔስ፣ በሠላሳ አንድ ዓመት፣ ከ«ተነሡ» በቀር ምን ብያለሁ?

ዓርብ ከሰዓት በኋላ፣ ለብ ባለ ውሃ ሳሸው፣
በነጩ ጥቅል መሃል አንድ ጥቁር ፀጉር ተሰክቶ አገኘሁ፣
አጭር፣ ክርር ያለ፤
የፈረስ አይደለም።
ነቅዬ መጣል ነበረብኝ፤ ደንቡ እንደዚያ ይላል።
እንዳለ አሰጣሁት።